ለእንሶስላ ማርያም ሴቶች የተጻፈ የማህጸን በር ምርመራ መመሪያ፣ ከነስሕተቱ

4.

አያምም።

ከዚህ የምጀምረው ሁሉም ሴት በር ላይ ቆማ መጀመሪያ የምትጠይቀው ይህንኑ ስለሆነ ነው። ያማል ወይ? አያምም። ትንሽ ይቀዘቅዛል፣ ትንሽ ይጨንቃል፣ ከሁሉም በላይ ያሳፍራል። ማሳፈሩን መመሪያ ላይ መጻፍ አልተለመደም፤ ስለዚህ «አያምም» ብለን እናልፈዋለን። ከ1 እስከ 3 ያሉትን ቁጥሮች ወረዳው ራሱ ሞልቶ ልኮልናል፤ ራዕይ፣ ተልዕኮ፣ መግቢያ። ማንም ስለማያነባቸው እኔም አልገለበጥኳቸውም።

5.

ጸሐፊዋ ሲስተር የዝና ሞላልኝ እባላለሁ። አዋላጅ ነርስ ነኝ፤ በዚህ ጤና ጣቢያ አሥራ ስድስት ዓመት ሠርቻለሁ። ወረዳው «ለተገልጋዮችና ለባለሙያዎች የሚያገለግል፣ በቁጥር የተከፋፈለ፣ ከሁለት ገጽ ያልበለጠ የማህጸን በር ካንሰር ቅድመ ምርመራ መመሪያ» አዘጋጅታችሁ ግድግዳ ላይ ለጥፉ ሲል፣ ኃላፊያችን አቶ ይታያል ደብዳቤውን ጠረጴዛዬ ላይ ጣል አድርጎ «አንቺ የጽሑፍ ሰው ነሽ» አለኝ። የጽሑፍ ሰው የተባልኩት የወር ሪፖርት የምሞላው እኔ ስለሆንኩ ነው።

ሁለት ገጹን እንደማልፈው ካሁኑ አውቄዋለሁ። ደክሞኛል፤ ሲደክመኝ ደግሞ ማሳጠር አልችልበትም።

6. ለተገልጋይ

ዕድሜሽ ከሠላሳ እስከ አርባ ዘጠኝ ከሆነ ነይ። ኤች አይ ቪ በደምሽ ካለ ከሃያ አምስት ዓመትሽ ጀምረሽ ነይ፤ ከሌሎቹም ቶሎ ቶሎ ተመላለሺ። ያለ ወር አበባሽ ጊዜ ደም ከፈሰሰሽ፣ ከግንኙነት በኋላ ከደማሽ፣ መጥፎ ሽታ ያለው ፈሳሽ ካየሽ ዕድሜ ሳትቆጥሪ ዛሬውኑ ነይ። ምንም ሳይሰማሽም ነይ። ይህ ምርመራ የታመመችውን ብቻ ለመፈለግ አይደለም፤ ገና ያልታመመችውን ቀድሞ ለማግኘት ነው።

በሽታውን የሚያመጣው ቫይረስ ነው። በግንኙነት ይተላለፋል። አብዛኛዋ ሴት በዕድሜዋ አንድ ጊዜ ይደርሳታል፤ አብዛኛውን ጊዜም ሳይታከም በራሱ ይጠፋል። አልጠፋ ያለው ነው የማህጸን በር ላይ ተቀምጦ በብዙ ዓመት ውስጥ ቁስል የሚያበጀው። ቁስሉ ወደ ካንሰር ሳይለወጥ ከተገኘ እዚሁ ጤና ጣቢያ በአንድ ቀን ይታከማል። ቫይረሱ ተገኘብሽ ማለት አንቺ ባለጌ ነሽ ማለት አይደለም፤ ባልሽ ወጣ ገባ ብሏል ማለትም አይደለም። ይህን የመጨረሻውን ወረዳው እንዳይሰርዘው እፈራለሁ።

7.

(ይህ ቁጥር ለሥዕል የተተወ ነው። ሠዓሊ እንልካለን ብለው ነበር።)

8. ለባለሙያ

ሀ. ስሟ ከነአባቷና ከነአያቷ፣ እንደ መታወቂያዋ ይጻፍ።

ለ. ስልኳ ይጻፍ።

ሐ. ውጤቷ ከራሷ በቀር ለማንም አይነገር። ለባልም፣ ለአማትም።

መ. ቫይረሱ የተገኘባት ሴት ተፈልጋ ትጠራ።

አራቱም ከላይ የመጡልን ናቸው፤ ትክክልም ናቸው። የጻፋቸውን ሰው አልወቅስም፤ እኔም ብሆን እንዲሁ እጽፋቸው ነበር። አራቱን አንድ ላይ ይዛችሁ እንሶስላ ማርያም ቀበሌ ስትገቡ ግን ምን እንደሚሆን ልንገራችሁ። ከዚህ በታች ያለው መመሪያ አይደለም፤ የሆነው ነገር ነው። ግድግዳ ላይ መለጠፉን እንጃ።

9.

አምና ኅዳር ላይ ለዘመቻ ወጣን። አሁን አዲስ አሠራር አለ፤ ሴትየዋ መጋረጃ ውስጥ ትገባለች፣ በቀጭን ብሩሽ ናሙናውን ራሷ ወስዳ ትወጣለች። የሚያያት የለም፣ የሚነካት የለም። ስለዚህ ሴቱ ግልብጥ ብሎ መጣ። በሁለት ቀን ሁለት መቶ አሥራ ሁለት። ከከተማ የመጡ ተማሪዎች ይመዘግባሉ፣ እኔ በድምፅ ማጉያ አስረዳለሁ፣ ናሙናው በበረዶ ሣጥን ተጭኖ ይሄዳል።

በድምፅ ማጉያው ምን እንዳልኩ ቃል በቃል አስታውሳለሁ። «ቫይረሱ የተገኘባችሁን እንጠራለን። ካልጠራናችሁ ሥጋት አይግባችሁ።»

ውጤቱ ጥር ላይ መጣ። አሥራ ዘጠኝ ሴቶች ቫይረሱ ተገኘባቸው። አሥራ ስምንቱን በሦስት ሳምንት ውስጥ ጠርተን አየናቸው፤ ቁስል የነበረባቸውን አከምን። በዚያ ሰሞን ደስ ብሎኝ ነበር፣ አልደብቅም። ለቤቴ ሥጋ ገዝቼ ገባሁ። የቀረችን አንዲት ሴት ነበረች።

10.

መዝገብ አንድ፣ ተራ ቁጥር 147

ስም፦ ብርነሽ አቻምየለህ ደሴ

ዕድሜ፦ 36

ቀበሌ፦ እንሶስላ ማርያም

ስልክ፦ (የባሏ ነው። ዝግ ነው።)

ውጤት፦ ቫይረሱ ተገኝቷል

ክትትል፦

11. ብርነሽን የፈለግንባቸው ቦታዎች

ፈላጊዋ ማስተዋል ናት፤ የቀበሌዋ የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ። ያን ሰሞን ገና መመደቧ ነበር። ከእሷ በፊት የነበረችው አሥር ዓመት ሠርታ የእያንዳንዱን ቤት ጓዳ ታውቅ ነበር፤ እሷ ወደ ከተማ ተዛወረች፣ የምታውቀውንም ይዛ ሄደች።

ስልኩ ላይ፣ አሥራ አንድ ጊዜ። ባልየው ለጉልበት ሥራ ቆላ ወርዶ ኖሯል፤ ይህን ያወቅነው ዘግይተን ነው።

የሴቶች ስብሰባ ላይ። «ብርነሽ? አይ፣ እዚህ ብርቄ ናት ያለችው። እሷም ስልሳ ዓመቷ ነው።»

እሑድ ቅዳሴ ሲወጣ፣ ቤተ ክርስቲያን ደጅ።

ወፍጮ ቤት።

የቀበሌው ሊቀ መንበር ዘንድ። «አቻምየለህ የሚባል አባወራ እኔ ቀበሌ ውስጥ የለም።»

እውነቱን ነው፤ አቻምየለህ አባቷ ነው፣ የሚኖረውም ወንዝ ተሻግሮ ሌላ ወረዳ። ቅጹ የባል ስም አይጠይቅም። እኔ ራሴ አንድ ስብሰባ ላይ «ሴት በባሏ ስም አትመዝገብ» ብዬ ተከራክሬ አውቃለሁ፤ አሁንም ብጠየቅ ያንኑ እላለሁ። እንሶስላ ማርያም ውስጥ ግን ያገባች ሴት አባቷ ማን እንደሆነ የሚያውቅ ጎረቤት ጥቂት ነው።

12.

ማስተዋል ወይዘሮ ዳሳሽ ቤትም ደርሳ ነበር። ወይዘሮ ዳሳሽ ከልጃቸው፣ ከምራታቸውና ከአራት የልጅ ልጆቻቸው ጋር የሚኖሩ ባልቴት ናቸው። የተባባሉትን ማስተዋል እንደነገረችኝ እጽፈዋለሁ።

ማስተዋል፦ እማማ፣ እንደምን ዋሉ?

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ እግዚአብሔር ይመስገን። ግቢ እንጂ።

ማስተዋል፦ እቸኩላለሁ እማማ። ብርነሽ የምትባል ሴት ፈልጌ ነበር።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ የማን ልጅ?

ማስተዋል፦ ብርነሽ አቻምየለህ።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ ምን አድርጋ ነው?

ማስተዋል፦ ኧረ ምንም። ጤና ጣቢያ ትፈለጋለች።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ ለምን ጉዳይ?

ማስተዋል፦ እሱን ለራሷ ነው የምነግራት።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ እዚህ ቤት እንዲህ የምትባል የለችም።

ማስተዋል «ሐ»ን አክብራለች። ለማንም አልተናገረችም። አመስግና ወደሚቀጥለው ቤት ሄደች።

13.

አልተገኘችም።

መጋቢት መጨረሻ ላይ «ክትትል» ከሚለው ፊት ይህን ጻፍኩና መዝገቡን ወደ መደርደሪያው መለስኩት። የሩብ ዓመቱ ሪፖርት መድረስ ነበረበት።

14.

ሚያዝያ፣ ሐሙስ፣ የክትባት ቀን። አንጓች የምትባል ሴት የዘጠኝ ወር ልጇን ለኩፍኝ ክትባት አመጣች። ልጁ ምሕረቱ ይባላል፤ ወፍራም ነው፣ ይስቃል። ቅጹ እናቶችንም ስለ ማህጸን በር ምርመራ ጠይቁ ይላል። ጠየቅሁ።

እኔ፦ ዕድሜሽ ስንት ነው?

አንጓች፦ ሠላሳ ስድስት መሰለኝ።

እኔ፦ የማህጸን በር ምርመራ አድርገሻል?

አንጓች፦ አዎ፤ ኅዳር ላይ፣ እናንተ ስትመጡ ጊዜ።

እኔ፦ ውጤቱስ?

አንጓች፦ የጠራኝ የለም።

እኔ፦ እንግዲያው ደህና ነሽ።

አንጓች፦ ተመስገን።

15.

መዝገብ ሁለት፣ የእናቶችና ሕፃናት፣ ገጽ 61

የእናት ስም፦ አንጓች

የልጅ ስም፦ ምሕረቱ ሽባባው

የማህጸን በር ምርመራ፦ ተደርጓል

ውጤት፦ ደህና

ይህ የእጅ ጽሑፍ የማንም አይደለም፤ የኔ ነው።

መዝገብ አንድ ከጀርባዬ መደርደሪያው ላይ ነበር። ብነሣ ሁለት እርምጃ። ግን ሠላሳ ስምንት እናት ከነልጆቿ ተሰልፋለች፣ ሕፃናቱ ያለቅሳሉ፣ ከጠዋት ጀምሮ ውኃ አልቀመስኩም፣ ጉልበቴን ያመኛል። አልተነሣሁም።

ብነሣም ኖሮ እዚያ መዝገብ ውስጥ አንጓች የሚል ስም አላገኝም ነበር። ይህን ለራሴ ብዙ ጊዜ ነግሬዋለሁ። ካላገኘሁት ግን ዞሬ «ተመርምሬያለሁ ካልሽ ስምሽ የታለ?» እላት ነበር። ይህንንም ነግሬዋለሁ።

16.

እዚህ ድረስ ያነበባችሁ ገብቷችኋል። እኔ ግን ጥቅምት እስኪመጣ ድረስ አልገባኝም። እናንተ ሁለቱን ገጽ በአንድ ጊዜ እያያችሁ ነው፤ እኔ በመካከላቸው ሦስት ወርና ስድስት መቶ ሴት ነበረብኝ። ሰበብ ነው፤ አውቃለሁ።

17.

በእኛ አገር ሙሽራ ባሏ ቤት ስትገባ አማቷ ስም ያወጡላታል። ብርነሽ በአሥራ ስምንት ዓመቷ ወንዙን ተሻግራ ስትመጣ ወይዘሮ ዳሳሽ «አንጓች» አሏት። ከዚያ ቀን ወዲህ በልጅነት ስሟ የጠራት የለም፤ ባሏም፣ ጎረቤቱም፣ የወለደቻቸውም። መታወቂያ ያወጣችው ግን ሳታገባ፣ በአባቷ አገር ነው፤ ጊዜው ካለፈ ቆይቷል፣ አላሳደሰችውም። የዘመቻው ተማሪዎች «መታወቂያ» ሲሏት ያንን አሳየች። እኔ ክትባት ላይ «ስምሽ ማነው?» ስላት የምትጠራበትን ነገረችኝ። ሁለት ጊዜ ተጠይቃ ሁለት ጊዜም ትክክለኛውን መልሳለች።

ለእኔም እኮ አማቴ ስም አውጥተውልኛል። ለበዓል ባለቤቴ አገር ስሄድ የዝና የሚለኝ ሰው የለም። በምን እንደምጠራ አልነግራችሁም፤ ነገር ግን ይህን ልማድ አላውቀውም ብዬ ማምለጥ እንደማልችል እወቁልኝ።

18.

ጥቅምት፣ ሐሙስ። ምሕረቱ አሥራ አምስት ወር ሞላውና ለሁለተኛው ኩፍኝ ክትባት መጣ። አሁን ይራመዳል። ስሙን ስጠራ እናቱ አቅፋው ተነሣች። ከወንበሩ ጫፍ ላይ ልጅ እያጠባች የተቀመጠች እናኑ የምትባል ሌላ ሴት፣ ከወንዝ ማዶ የመጣች እንግዳ፣ ብድግ አለችና ጮኸች።

እናኑ፦ አንቺ! ብርነሽ! ብርነሽ አይደለሽም?

አንጓች፦ ውይ እናኑ! በሞትኩት! ከየት መጣሽ?

እናኑ፦ ምነው እንዲህ ከሳሽብኝ! እናትሽ ደህና ናቸው፣ ትላንትና አይቻቸው ነው የመጣሁ።

ተሳሳሙ። አምስት ጊዜ፣ ስድስት ጊዜ። ልጆቹ መካከላቸው ተጣበቁ። እኔ መርፌውን ይዤ ቆምኩ። ከዚያ ለምሕረቱ ክትባቱን ሰጠሁት፤ እጄ ስለለመደ እንጂ ልቤ እዚያ አልነበረም።

እኔ፦ የአባትሽ ስም ማነው?

አንጓች፦ አቻምየለህ።

እኔ፦ የአያትሽስ?

አንጓች፦ ደሴ። ምነው ሲስተር?

19.

ከጥር እስከ ጥቅምት ዘጠኝ ወር ነው፤ ጳጉሜን ሳይጨመር።

ሁለቱን መዝገቦች ጎን ለጎን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋኋቸው። በአንዱ ቫይረሱ ያለባት ሴት ጠፍታለች፣ በሌላው አንዲት ደህና ሴት ልጅ ታስከትባለች። ሁለቱም ወደ ወረዳው ሪፖርት ገብተዋል፤ ሁለቱም ተቆጥረዋል። አፈርኩ። ከዚያ ፈራሁ። ከዚያ ደግሞ፣ ልንገራችሁ፣ በጣም እንቅልፌ መጣ፤ እዚያው መዝገቡ ላይ ተደፍቼ መተኛት አማረኝ።

«ዛሬ ላይሽ እፈልጋለሁ፤ ልጁን እናኑ ትያዝልሽ» አልኳት። ለምን አላለችኝም። ሰጠቻትና ተከትላኝ ገባች።

20. ለተገልጋይ

ከወገብ በታች አውልቂ። አልጋው ላይ ውጪ። ነጠላሽን ጭንሽ ላይ ጣል አድርጊው። እግርሽን እዚህ፣ ሌላውንም እዚህ። ወደኔ ሳብ በይ። ጥቂት ሳብ በይ። ጎበዝ። ይቀዘቅዛል። ተንፍሺ። አየሽ፣ መሣሪያው ገባ። አሁን የቀጠነ ኮምጣጤ በጥጥ እቀባሻለሁ፤ ቆጥቆጥ ካደረገሽ ንገሪኝ። አንድ ደቂቃ እንጠብቃለን። እጅሽን ከፊትሽ ላይ አንሺው፤ የሚያይሽ የለም፣ እኔ ብቻ ነኝ።

21.

አንድ ደቂቃ።

 

 

 

22. ለባለሙያ

በዚህ ደቂቃ ውስጥ ዓይንህን ሌላ ነገር ላይ አታሳርፍ። ደህና ከሆነ እንደነበረው ሮዝ ሆኖ ይቆያል። ቁስል ካለ ይነጣል። ነጩ ትንሽ ከሆነና ጠርዙ ዙሪያውን ከታየ እዚሁ በሙቀት ይታከማል፤ ሴትየዋ በእግሯ ቤቷ ትገባለች። ነጩ ወደ ውስጥ ገብቶ መጨረሻው ካልታየ፣ ወይም ሲነካ ከደማ፣ አትንካው። ወደ ሆስፒታል ላካት።

23.

ነጭ።

መጨረሻው አይታይም። ጥጡን ሳስነካው ደማ።

ካንሰር ነው ማለት አይደለም። ሆስፒታል ቅንጣት ተወስዶ ሳይታይ እኔም ማንም አናውቅም። ይህ በሽታ ዝግተኛ ነው፤ ዘጠኝ ወር ለእሱ አጭር ጊዜ ነው ተብለን ተምረናል። ጥር ላይ ብናያትም እንዲሁ ነጭና የሚደማ ሆኖ እናገኘው ይሆናል። ጥር ላይ ብናያት የጥፍር ያህል ሆኖ እዚሁ አክመን እንሸኛትም ይሆናል። የትኛው እንደነበረ አላውቅም። መቼም ላውቀው አልችልም፤ ይህ ነው እንቅልፍ የነሣኝ።

ለእሷ ያልኳት ይህን ብቻ ነው፦ «ትልቅ ሐኪም ሊያየው የሚገባ ነገር አለ። የሆስፒታል መላኪያ ወረቀቱ ማኅተም ያስፈልገዋል፤ ኃላፊው ስብሰባ ናቸው። ሰኞ ነይ።» ማኅተም ባያስፈልገውም ሰኞ እላት ነበር።

24.

ዓርብ ዕለት ማስተዋል ከእኔ ሰምታ ወይዘሮ ዳሳሽ ቤት ተመልሳ ሄደች። ተቆጥታ ነበር።

ማስተዋል፦ እማማ፣ ያኔ ስጠይቅዎት ለምን የለችም አሉኝ? ምራትዎ ናት እኮ።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ ልጄ፣ አንድ የማላውቃት ልጅ መጥታ በልጅነት ስሟ ስትጠራት ምን ልበል? በዚያ ስም የሚፈልጋት የአባቷ ቤት ሰው ነው። ሊወስዷት መሰለኝ። ያን ጊዜ ከልጄ ጋር ተጣልተው ነበር፣ እሱም ቆላ ነበር። አራት ልጅ ጥላብኝ ብትሄድስ?

ማስተዋል፦ ጤና ጣቢያ አልኩ እኮ።

ወ/ሮ ዳሳሽ፦ ሁሉም ሰው ሲመጣ አንድ ነገር ይላል። ታማ ከሆነ ንገሪኝ። ታማለች?

ማስተዋል አሁንም አልነገረቻቸውም። አሮጊቷ በሩ ላይ እንደቆሙ ማልቀስ ጀመሩ አለችኝ።

በእሳቸው ላይ ለመቆጣት ሞክሬ ነበር፤ አንድ ቀን እንኳ አልዘለቀልኝም።

25.

ሰኞ ጠዋት ወደ ሆስፒታል መላኪያውን ቅጽ ይዤ አቶ ይታያል ቢሮ ገባሁ። ቅጹ ላይ እንዲህ የሚል መስመር አለ፦ «ውጤቱ መጀመሪያ የታወቀበት ቀን»። ባዶውን ትቼዋለሁ።

ይታያል፦ ይሄን ምነው ተውሽው?

እኔ፦ ጥር ነው መባል ያለበት።

ይታያል፦ ሐሙስ ዕለት ነው ያየሻት። ሐሙስን ጻፊ።

እኔ፦ ውጤቱ ጥር መጥቷል፣ አቶ ይታያል።

ይታያል፦ የዝና፣ ስሚኝ። እኔ ለራሴ ወንበር መሰለሽ? ዘጠኝ ወር ይዘውት ዝም አሉ የሚል ወሬ እንሶስላ ማርያም ከገባ፣ በሚቀጥለው ዘመቻ አንድ ሴት አትመጣም። ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሴት ለማምጣት ስንት ዓመት እንደፈጀብን አንቺ ታውቂያለሽ። ከእነዚያ ውስጥ ስንቷ ትሞታለች?

እኔ፦ እሷስ?

ይታያል፦ እሷ ሐኪም ቤት ትሄዳለች፤ ትታከማለች። ቀኑን ብታውቀው ምን ይጨምርላታል? ድንጋጤ ነው። ተናዳ ብትቀርስ?

መታው ማኅተሙን። መስመሩ ባዶ እንደሆነ ነው የመታው። ቅጹን አቀበለኝና «አንቺው ታውቂያለሽ» አለኝ። ክፉ ሰው አይደለም፤ ያለው ሁሉ ሊሆን ይችላል።

26. ለባለሙያ

ሀ. «ሐሙስ ነው ያወቅነው» በላት። ታምንሃለች። በዚህ ሳምንት ትሄዳለች። ሆስፒታል ውስጥ ሌላ ሐኪም ከላቦራቶሪው ወረቀት ላይ ጥርን ያነብላታል፤ ወይም አያነብላትም።

ለ. «ጥር ነው ያወቅነው፤ እኔ ደግሞ ሚያዝያ ላይ ሳላጣራ ደህና ነሽ አልኩሽ» በላት። ትሄዳለች፤ ወይም ከዚህ ቤት በተጻፈ ወረቀት የትም አልሄድም ብላ አዝመራዋ ላይ ትቀራለች። ሌሎቹም ይሰማሉ።

ሐ.

(ሐን ቅዳሜና እሑድ ሙሉ ፈልጌዋለሁ።)

27.

አንጓች ሰኞ አራት ሰዓት ላይ መጣች። ልጁን አላመጣችውም። የአዘቦት ቀሚሷን ለውጣ፣ ፀጉሯን ተሠርታ ነው የመጣችው። በሩን ዘጋሁና አጠገቧ ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ቅጹ በመካከላችን ጠረጴዛው ላይ ነው።

አንጓች፦ ሆስፒታሉ ሩቅ ነው?

እኔ፦ በመኪና ሦስት ሰዓት ያስኬዳል። አብሬሽ እሄዳለሁ።

አንጓች፦ እርሶ? ሥራዎትስ?

እኔ፦ ፈቃድ ወስጃለሁ።

አንጓች፦ ጤፉ ሊደርስ ነው እኮ። ከአጨዳው በኋላ ቢሆንስ?

እኔ፦ አይሆንም፤ በዚህ ሳምንት ነው።

አንጓች፦ ክፉ ነገር ነው ማለት ነው?

እኔ፦ ገና አይታወቅም። ክፉ እንዳይሆን ነው የምንሄደው። ክፉ ቢሆንም ሕክምና አለው፤ በጊዜ ከተደረሰ።

አንጓች፦ በጊዜ ነው የደረስነው?

እኔ፦ ይመስለኛል።

ቅጹን ወደራሷ ሳብ አድርጋ አየችው። ሰባተኛ ክፍል ድረስ ተምራለች፤ ቀስ ብላ፣ በጣቷ እየተከተለች ነው የምታነበው። ስሟ ላይ ቆመች፤ ሁለቱንም ስም ጎን ለጎን ጽፌዋለሁ። ፈገግ አለች። ከዚያ ጣቷ ወረደ፤ ዕድሜዋን አለፈ፣ ቀበሌዋን አለፈ፣ ባዶው መስመር ላይ ደረሰና ቆመ።

አንጓች፦ ባሌ ሽባባው አትሄጂም ብሎኝ ነበር። አማቴ ናቸው እሱን የተቆጡት፤ ልጆቹን እኔ እይዛለሁ አሉኝ። እኔም ሲስተር የዝና ካለችኝ እሄዳለሁ ብያቸዋለሁ። ከእርሶ ሌላ የማምነው የለም።

እኔ፦ እሺ።

አንጓች፦ ግን አንድ ነገር ልጠይቅዎት።

እኔ፦ ጠይቂኝ።

አንጓች፦ ይህ ነገር እንዳለብኝ መቼ ነው ያወቃችሁት?

እኔ፦